ሦስቱ ክልሎች ሠላሳ ስድስት ሲሆኑ፤ የናይጄሪያ የብሔረሰቦች ጥያቄና የሠርቶ አደሩ ዕጣ

ከቅኝ አገዛዝ ቀንበር በተላቀቁ አገሮች ሁሉ የብሔረሰቦች ጥያቄ ከፊት ተሰልፎ መገኘቱ የማይካድ ሐቅ ነው። ይሁን እንጂ ጥያቄው በምን ተጨባጭ ሁኔታ ተወለደ? ማንስ አሳደገው? መፍትሔ ተብሎ የቀረበውስ ማንን ጠቀመ? ብሎ ያልመረመረ ሁሉ መጨረሻው «ድሮም አይዋደዱም ነበር» ከሚለው የሰነፍ ድምዳሜ ላይ መውደቅ ነው። ይህ ድምዳሜ ቅኝ ገዥዎቹ ራሳቸው ጽፈው የተዉልን መሆኑን ደግሞ ብዙዎቻችን አናስተውልም።

በዚህ ጽሑፍ የናይጄሪያን ሁኔታ እንመለከታለን። ናይጄሪያን የመረጥነው በሕዝብ ብዛት ከአፍሪካ አንደኛ በመሆኗ ብቻ አይደለም። የብሔረሰቦችን ግጭት በአስተዳደር ብልኃት ለማብረድ የዚያችን አገር ያህል ደጋግሞ የሞከረ መንግሥት በአህጉራችን እምብዛም ስለማይገኝ፣ የተሳካውንም ያልተሳካውንም በአንድ ቦታ ለማየት ያስችለናል። የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ናይጄሪያ የምትባለውን አገር በ1914 አንድ ያደረጋት ሉጋርድ የተባለው የእንግሊዝ ገዥ ነው። የሰሜኑንና የደቡቡን ግዛቶች ያዋሐደበት ምክንያት ሕዝቦቹን ለማቀራረብ አልነበረም። የሰሜኑ አስተዳደር በጀት ከዓመት ዓመት ስለሚጎድል ከለንደን ግምጃ ቤት ድጎማ ይላክለት ነበር፤ ደቡቡ ግን ከወደቦቹ ቀረጥ የተረፈ ገንዘብ ነበረው። ስለዚህ የደቡቡ ትርፍ የሰሜኑን ጉድለት እንዲሸፍን ተደረገ። መዝገቡ አንድ ሆነ፤ ሕዝቡ ግን ተለያይቶ እንዲኖር ተወሰነ። በሰሜን ገዥዎቹ በአሚሮቹ በኩል ሲገዙ የሚሲዮን ትምህርት ቤት በእስልምና አሚሮች ግዛት እንዳይስፋፋ ገደቡ፤ በደቡብ ግን ትምህርት ቤቱ በየመንደሩ ተከፈተ። ከደቡብ ወደ ሰሜን ለሥራ የሄደው ጸሐፊ፣ የባቡር ሠራተኛና ነጋዴ በካኖ ከተማ ቅጥር ውስጥ እንዳይኖር ተከልክሎ ሳቦን ጋሪ በተባለ የእንግዶች ሰፈር እንዲሰፍር ተደረገ። ልጁ በዚያው ተወለደ፤ የልጅ ልጁም በዚያው ተወለደ፤ ሰፈሩ ግን የእንግዳ ሰፈር ተብሎ ቀረ።

የኋለኛው መከራ ሁሉ ዘር የተዘራው እዚህ ላይ ነው ለማለት እንደፍራለን። በ1950ዎቹ የሰሜን ክልል መንግሥት ሥልጣን ሲረከብ በየቢሮው የተቀመጡት ደቡባውያን ሆነው ተገኙ። የክልሉም ምላሽ ለሥራ ቅጥር ቅድሚያ ለሰሜን ተወላጅ፣ እርሱ ከታጣ ለውጭ አገር ዜጋ፣ ደቡባዊው ናይጄሪያዊ ደግሞ በመጨረሻ፣ ያውም በኮንትራት የሚል ነበር። አንድ ናይጄሪያዊ በገዛ አገሩ ከእንግሊዛዊው በታች ተሰለፈ ማለት ነው።

ሕዝቡ ግን በዚህ ዘመን ሁሉ ተለያይቶ ብቻ አልኖረም። ኅዳር 18 ቀን 1949 በኤኑጉ የድንጋይ ከሰል ማዕድን፣ ኢቫ ሸለቆ በተባለው ቦታ፣ በደመወዝ ጥያቄ የተነሡ ቆፋሪዎች ላይ በእንግሊዛዊ መኮንን የሚታዘዙ ፖሊሶች ተኩስ ከፍተው 21 ሠራተኞችን ገደሉ። ቁጣው በምሥራቁ ከተሞች ተቀጣጠለ፤ እስከዚያች ቀን ድረስ ጎራ ለይተው ይፋለሙ የነበሩ የብሔርተኛ ወገኖችም በአንድ ኮሚቴ ተሰበሰቡ። የቆፋሪው ደም የየትኛው ብሔረሰብ ደም ነው ብሎ የጠየቀ አልነበረም ቢባል ማጋነን አይሆንም። ነገር ግን ከሁለት ዓመት በኋላ፣ በ1951፣ እንግሊዞች ሥልጣንን በክልል የሚያከፋፍል ሕገ መንግሥት አወጡ። ወደ ሥልጣን የሚወስደው መንገድ በክልል ምክር ቤት በኩል ሲሆን ጊዜ ፖለቲከኛው ሁሉ ፊቱን ወደ ትውልድ አካባቢው መለሰ። ሰሜኑ የሐውሳና የፉላኒ፣ ምዕራቡ የዮሩባ፣ ምሥራቁ የኢቦ ልሂቃን ርስት ሆነ። ሦስቱም ክልሎች የየራሳቸው ምርት ነበራቸው፤ የሰሜኑ ኦቾሎኒና ጥጥ፣ የምዕራቡ ካካዎ፣ የምሥራቁ የዘምባባ ዘይት። ገበሬው ምርቱን በአነስተኛ ዋጋ ለክልሉ የገበያ ቦርድ ያስረክባል፤ ቦርዱ በዓለም ገበያ ይሸጣል፤ በመካከል የሚተርፈው ገንዘብ የገዥውን ፓርቲ ሰዎች ያበለጽጋል። የገዛ ብሔረሰቡን ገበሬ ላብ እየመጠጠ በብሔረሰቡ ስም የሚምል ከበርቴ እንዲህ ተፈጠረ።

ከሦስቱ ታላላቅ ብሔረሰቦች ውጭ ያሉት ሕዝቦች ስጋት ገብቷቸው የየራሳችን ክልል ይሰጠን ማለታቸው አልቀረም። እንግሊዞች በ1957 አንድ አጣሪ ኮሚሽን አቋቋሙ። ኮሚሽኑም በ1958 ባቀረበው ሪፖርት ስጋቱ እውነት መሆኑን አምኖ፣ አዲስ ክልል ማቋቋም ግን አያስፈልግም ሲል ደመደመ። ጥቅምት 1 ቀን 1960 ነፃነት ሲታወጅ ከ312ቱ የፓርላማ መቀመጫዎች 174ቱ የአንድ ክልል፣ የሰሜኑ፣ ነበሩ። አንደኛው ክልል ከሌሎቹ ድምር የሚበልጥበት ፌዴሬሽን እንዴት ሊጸና ይችላል? ሰሜኑ የደቡቡን ትምህርት ፈራ፤ ደቡቡ የሰሜኑን ቁጥር ፈራ። ሕዝብ ቆጠራ እንኳ ጦርነት ሆነ፤ በ1962 የተካሄደው ቆጠራ ተሰርዞ በ1963 ቢደገምም ውጤቱን ያመነ አልነበረም።

አሁን ለሠራተኛ አንባቢያን ልዩ ትርጉም ወዳለው ድርጊት እንመጣለን። በሰኔ ወር 1964 የናይጄሪያ ሠራተኞች ጠቅላላ የሥራ ማቆም አድማ አደረጉ። የባቡር፣ የወደብ፣ የፖስታ፣ የመንግሥት መሥሪያ ቤት ሠራተኛው ከሌጎስ እስከ ካኖ ሥራ አቁሞ መንግሥቱን ለሁለት ሳምንት ያህል አንበረከከው። መንግሥት የራሱ ኮሚሽን ያቀረበለትን የደመወዝ ጥናት ደብቆ ይዞ ነበር፤ በአድማው ተገዶ ከሠራተኞቹ ጋር ለመደራደር ተቀመጠ። ኢቦው፣ ዮሩባው፣ ሐውሳው ሠራተኛ በአንድ ጥያቄ በአንድ ቀን ተነሣ። እንግዲህ የመደብ ንቃት ማለት ይህ ነው፤ የጎሰኝነት ዘመን አበቃ ያሉ ታዛቢዎችም ነበሩ።

ከስድስት ወር ያህል በኋላ፣ በታኅሣሥ 1964፣ አጠቃላይ ምርጫ ሆነ። ያው ሠራተኛ በአብዛኛው የየክልሉን ገዥ ፓርቲ መረጠ። በሠራተኛው ስም የቀረቡት ዕጩዎች ከቁጥር የሚገባ ድምፅ አላገኙም።

ይህን ሁሉ የከበርቴው ተንኮል ነው ብሎ ማለፍ ይቀል ነበር። እኛ ግን እንዲህ አድርገን ብንዘጋው ሠራተኛውን ሞኝ ማድረግ ይሆንብናል። ሠራተኛው ሞኝ አልነበረም። ከመንደሩ ወጥቶ ሌጎስ ወይም ካኖ ሲገባ ማደሪያ የሚፈልግለት፣ ሥራ የሚያስቀጥረው፣ ሲታመም የሚጠይቀው፣ ለልጁ ትምህርት ገንዘብ የሚያዋጣለት፣ ሲሞት ሬሳውን ወደ ትውልድ መንደሩ የሚመልስለት የአገሩ ልጆች ማኅበር ነበር። ከእኛው እድርና መረዳጃ ማኅበር ጋር የሚመሳሰል ነገር ነው። የሠራተኛ ማኅበሩ ደመወዝ ያስጨምርለታል፤ በክፉ ቀን የሚደርስለት ግን የአገሩ ልጅ ነው። የአገሩ ልጆች ማኅበር ደግሞ ለመንገድ፣ ለውኃ፣ ለትምህርት ቤት የሚለምነው የክልሉን ፓርቲ ነው። ታዲያ በምርጫ ቀን ወዴት ይሂድ? ችግሩ የቋንቋና የባሕል ልዩነት መኖሩ ሳይሆን፣ እንጀራ ሁሉ በትውልድ በር በኩል እንዲታደል መደረጉ ነበር። በዚህ ጽሑፍ ልናሳይ የምንፈልገውም ይህንኑ ነው።

ከዚያ በኋላ የሆነው በሰፊው የታወቀ ስለሆነ አናስረዝመውም። በጥር 1966 በአብዛኛው ከኢቦ የተወለዱ ወጣት መኮንኖች ባደረጉት መፈንቅለ መንግሥት ጠቅላይ ሚኒስትር አቡበከር ታፋዋ ባሌዋና የሰሜኑ መሪ አሕመዱ ቤሎ ተገደሉ። ሥልጣን የያዙት ጄኔራል አይሮንሲ በግንቦት ወር ክልሎችን በአንድ አዋጅ ሰርዘው አሐዳዊ አስተዳደር አወጁ። አዋጁ በሰሜን የተነበበው ሥራው ሁሉ ለደቡቡ ምሁር ተሰጠ ተብሎ ነው። በሐምሌ በተካሄደው አጸፋዊ መፈንቅለ መንግሥት አይሮንሲ ተገደሉ፤ በመስከረምና በጥቅምት በሰሜን ከተሞች በሚኖሩ ኢቦዎች ላይ ጭፍጨፋ ተፈጸመ፤ የሳቦን ጋሪ ሰፈሮች ተቃጠሉ። ከአንድ ሚሊዮን በላይ ሰው ወደ ምሥራቅ ሸሸ። ግንቦት 30 ቀን 1967 ኮሎኔል ኦጁኩ የቢያፍራን ነፃ መንግሥት አወጀ። እስከ ጥር 1970 በዘለቀው ጦርነትና ከበባው ባመጣው ረሃብ ያለቀው ሰው ብዛት እንደ ገማቹ ይለያያል፤ ዝቅተኛው ግምት 500 ሺህ ሲሆን ከፍተኛው 3 ሚሊዮን ይደርሳል።

ከአንባቢያን መካከል በዕድሜ የገፉት እንደሚያስታውሱት የአፍሪካ አንድነት ድርጅት በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ሊቀ መንበርነት ስድስት የአገር መሪዎች ያሉበት አማካሪ ኮሚቴ አቋቁሞ ነበር። ሁለቱ ወገኖች በነሐሴ 1968 በአዲስ አበባ ተገናኙ። ኦጁኩ ራሱ መጣ፤ የፌዴራሉ መሪ ጎዎን ግን ልዑካን ላከ። ፌዴራሉ መገንጠሉን መጀመሪያ ተዉ ሲል፣ ቢያፍራ መጀመሪያ ተኩስ ይቁም እያለ ንግግሩ ያለ ውጤት ተበተነ። የጦር መሣሪያው ግን ከየአቅጣጫው መጉረፉን አላቆመም። ዘይቷ ያሳሰባት ብሪታንያና ከእርሷ ጋር በሌላ ጉዳይ ሁሉ የማትስማማው ሶቪየት ኅብረት ለፌዴራሉ፣ ፈረንሳይ ደግሞ በስውር ለቢያፍራ ያቀብሉ ነበር። ርዕዮተ ዓለም በዚህ ገበያ ላይ ብዙ ዋጋ እንዳልነበረው ሳንጠቅስ ማለፍ አይገባንም።

ወደ ዋናው ጉዳያችን እንመለስ። ቢያፍራ ከመታወጁ ሦስት ቀን ቀደም ብሎ ጎዎን አራቱን ክልሎች ሰርዞ አገሪቱን በ12 ክፍለ ግዛቶች ከፍሏት ነበር፤ ስድስቱ በሰሜን፣ ስድስቱ በደቡብ። የጦርነቱን ዕድል ከመድፍ ይልቅ የወሰነው ይህ አዋጅ ነው የሚሉ አሉ፤ እኛም ከእውነት የራቀ አይመስለንም። ምሥራቁ በሦስት ሲከፈል የነዳጅ ዘይቱ ቦታና ወደቦቹ በአብዛኛው ኢቦ ባልሆኑት ሕዝቦች ክፍለ ግዛት ውስጥ ወደቁ። በ1958 ተከልክለው የነበሩት ሕዝቦች የጠየቁትን በጦርነት ዋዜማ አገኙ። ከድሉ በኋላም ጎዎን ድል አድራጊም ተሸናፊም የለም ብሎ አወጀ። የጅምላ በቀል አለመከተሉ እውነት ነው፤ በዘመኑ ብዙዎች ከጠበቁት በላይ ነበር። ይሁንና በባንክ ብዙ ገንዘብ የነበረው ኢቦ በቢያፍራ ዘመን ገንዘቡን ካንቀሳቀሰ የቱንም ያህል ቢኖረው 20 ፓውንድ ብቻ ተመለሰለት፤ ወዲያው በ1972 የውጭ ኩባንያዎች አክሲዮን ለአገር ተወላጆች እንዲሸጥ ሲታወጅ ኢቦው የሚገዛበት ገንዘብ አልነበረውም። በፖርት ሃርኮርት የነበረው ቤቱም «የተተወ ንብረት» ተባለ።

ክፍለ ግዛቶቹ በዚያ ቁጥር አልቆሙም። በ1976 19፣ በ1987 21፣ በ1991 30፣ በ1996 36 ሆኑ። ሁሉንም ያቋቋሙት ወታደራዊ መንግሥታት ናቸው። በ1979 የወጣው ሕገ መንግሥት ደግሞ ለፕሬዚዳንትነት የሚወዳደር ሰው ከፍተኛውን ድምፅ ማግኘቱ ብቻ እንደማይበቃው፣ ከክፍለ ግዛቶቹ በሁለት ሦስተኛው ውስጥ ቢያንስ የድምፁን ሩብ ማግኘት እንዳለበት ደነገገ። በዚያው ዓመት ሻጋሪ በ12 ክፍለ ግዛቶች ሩቡን ሲያገኙ የ19 ሁለት ሦስተኛ ስንት ነው የሚል ክርክር ተነሣ። 12 ነው? 13 ነው? ወይስ 12 ከሁለት ሦስተኛ? ክፍለ ግዛት እንደ ዳቦ ይቆረሳል ወይ እየተባለ እስከ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ተደረሰ፤ ፍርድ ቤቱም ለሻጋሪ ፈረደ። ክርክሩ ቢያስቅም ድንጋጌው ግን ቁም ነገር ነበር። ከዚያ ወዲህ አንድም ሰው በገዛ ብሔረሰቡ ድምፅ ብቻ የናይጄሪያ ፕሬዚዳንት ሊሆን አይችልም። ሦስቱ ግዙፋን ተሰባብረዋል፤ ሁለተኛ የቢያፍራ ዓይነት ጦርነትም አልተነሣም። ይህ ታላቅ ውጤት ነው፤ ልንነፍጋቸው አይገባም።

ታዲያ ግጭቱ ወዴት ሄደ? ከላይ ወደ ታች ወረደ፤ ከፓርላማው ወደ ሰፈሩ ገባ። ይኸው ሕገ መንግሥት የመንግሥት ሹመት ሁሉ የፌዴሬሽኑን ሕዝቦች ስብጥር የሚያንጸባርቅ እንዲሆን፣ ከየክፍለ ግዛቱም ቢያንስ አንድ ሚኒስትር እንዲሾም አዟል። አንድ ሰው የክፍለ ግዛቱ ነው የሚባለው ግን እዚያ ስለሚኖር ወይም እዚያ ስለተወለደ ሳይሆን፣ ከወላጆቹ ወይም ከአያቶቹ አንዳቸው የዚያ አካባቢ ነባር ማኅበረሰብ አባል ከሆኑ ነው። ስለዚህ በየአካባቢው አስተዳደር አንድ ወረቀት ይሰጣል፤ የነባር ተወላጅነት ማስረጃ ይባላል። ለመንግሥት ሥራ፣ ለነፃ ትምህርት ዕድል፣ ለዩኒቨርሲቲ መግቢያ ይህ ወረቀት ይጠየቃል። የሌለው በብዙ ክፍለ ግዛቶች ለልጁ ከፍ ያለ የትምህርት ክፍያ ይከፍላል። ግብር ግን እኩል ይከፍላል።

የጆስ ከተማ ታሪክ ነገሩን ግልጽ ያደርገዋል። ጆስ የቆመችው በቆርቆሮ ማዕድን ላይ ነው። በሃያኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ የእንግሊዝ ኩባንያዎች ማዕድኑን ለማውጣት ከሐውሳ ምድርና ከሌላም አካባቢ የቀን ሠራተኛ አጋዙ። የዚያ ሠራተኛ የልጅ ልጅ ዛሬም በጆስ መጤ ይባላል። የአካባቢው ነባር ሕዝቦች ደግሞ በገዛ መሬታችን ተውጠን እንቀራለን የሚል ስጋት አላቸው፤ ይህም ስጋት ከመሬት የበቀለ ነው እንጂ ባዶ አይደለም። በ1991 ወታደራዊው መንግሥት ጆስ ሰሜን የሚባል የአካባቢ አስተዳደር አቋቋመ። ከዚያ ወዲህ ጠቡ ሁሉ የአስተዳደሩ ሊቀ መንበር ማን ይሁን የሚል ሆነ። ምክንያቱ ግልጽ ነው፤ ሊቀ መንበሩ ወረቀቱን ይሰጣል ወይም ይከለክላል። በ1994 በአንድ ሹመት የተነሣ ሁከት ሆነ። በመስከረም 2001 በጥቂት ቀናት ውስጥ ወደ አንድ ሺህ የሚጠጋ ሰው ተገደለ። በ2008 በአካባቢው ምርጫ ማግስት፣ በ2010 ደግሞ እንደገና ደም ፈሰሰ። የዓለም ጋዜጦች የክርስቲያንና የእስላም ጦርነት ብለው ጻፉት። ሃይማኖቱ መሰላለፊያ መሆኑ አይካድም፤ የጠቡ መነሻ ግን የቢሮ ማኅተም ነበር።

ጠቡ የቋንቋ ወይም የሃይማኖት ብቻ ቢሆን ኖሮ በ2011 በአቢያ ክፍለ ግዛት የሆነው ባልሆነም ነበር። አቢያ የኢቦዎች ምድር ናት፤ በቢያፍራ ዘመን አብራ የተራበች። የክፍለ ግዛቱ መንግሥት በዚያ ዓመት የአቢያ ተወላጅ ያልሆኑ ሠራተኞችን በብዙ ሺህ ቆጥሮ አሰናበተ። የተሰናበቱት አብዛኞቹ ከጎረቤት ክፍለ ግዛቶች የመጡ ኢቦዎች ነበሩ። አንድ ቋንቋ ይናገራሉ፤ በአንድ ቤተ ክርስቲያን ያስቀድሳሉ፤ አባቶቻቸው በአንድ ምሽግ ውስጥ ነበሩ። ወሰን በተሰመረ ቁጥር የደመወዝ መዝገብም አብሮ ይሰመራል፤ ከወሰኑ ማዶ የቀረው ወንድም በማግስቱ መጤ ነው። ናይጄሪያውያን የነዳጁን ገቢ ብሔራዊ ኬክ ይሉታል። ክፍለ ግዛት ይጨመርልን የሚለው ጥያቄ እስከ ዛሬ ያልተቋረጠው አዲስ ገዥ፣ አዲስ ቢሮ፣ ከኬኩም አዲስ ድርሻ ስለሚያመጣ ነው። ዘይቱ የሚፈልቅበት የኒጀር ደልታ ሕዝብ ደግሞ ድርሻው ለዓመታት ከመነመነ በኋላ ቢያንስ 13 በመቶ እንዲመለስለት የተደነገገው በ1999 ሕገ መንግሥት ነው፤ የኦጎኒ ሕዝብ ተሟጋች የነበረው ደራሲ ኬን ሳሮ ዊዋ ከስምንት ጓደኞቹ ጋር በኅዳር 1995 ከተሰቀለ በኋላ ማለት ነው።

በመጨረሻም ወደ ጆስ እንመለሳለን፤ የሰፈር ማኅበራት አባላት የሆኑ አንባቢያን ሊያውቁት የሚገባ አንድ ሰፈር አለና። ዳዲን ኮዋ ይባላል፤ በሐውሳ ቋንቋ ለሁሉ የሚጣፍጥ እንደ ማለት ነው። ከጆስ ሰፈሮች ብዙዎቹ ከ2001 በኋላ የክርስቲያንና የእስላም ተብለው ተለያይተዋል፤ ቤቱን ሸጦ ወይም ለዋውጦ ያልሄደ ጥቂት ነው። በዳዲን ኮዋ ግን ሁለቱም ወገኖች አብረው ቀሩ፤ በተደጋጋሚው ሁከት ጊዜም ሰፈሩ አልተቃጠለም። ያደረጉት ነገር ተአምር አልነበረም። ሽማግሌዎቹና የሃይማኖት አባቶቹ እርስ በርስ ላለመነካካት ተስማሙ። ወሬ በመጣ ቁጥር እውነት መሆኑን አጣሩ። ወጣቶቹን እየሰበሰቡ መከሩ፤ ከሁለቱም ወገን የተውጣጡ ወጣቶች ሌሊት በየመግቢያው ቆሙ። ከሌላ ሰፈር እናግዛችሁ ብለው የመጡትን ታጣቂዎች፣ የራሳቸው ሃይማኖት ተከታዮች ሳይቀሩ፣ እየለመኑም እየተቆጡም መለሷቸው። ይህን ያደረጉት ከመንግሥት ትእዛዝ ደርሷቸው አይደለም።

የዳዲን ኮዋ ልጅ አድጎ ሥራ ፍለጋ ሲወጣ ግን በመስኮቱ በኩል የሚጠየቀው እንደ ሌላው ነው፤ ሌሊቱን ከማን ጋር ሰፈር ሲጠብቅ እንዳደረ ሳይሆን አያቱ የየት ሰው እንደ ነበሩ።